ሦስት አንጓ

ከማንኩሳ በታች፣ ከቦረቦሩ ዳር፣
ዝሆን ባልረገጠው ቆመ የዝሆን ሣር።
«ለማን ነው ይሄ ሁሉ?» ብሎ ሳቀ እንየው፤
«ዝሆኑን አምጪና እኛም እንየው።»
የገዛ ስሙን ጠራ፣ ልብም አላለው።

ሃያ ቁራጭ አገዳ፣ ከችግኝ ጣቢያ፣
በነጠላ አስሬ፣ በሰኔ ማብቂያ፣
አዝዬ ስመለስ፣ ዶፉ እየወረደ፣
አንድ መንገደኛ የታዘለ ልጅ መስሎት
«ያሳድግልሽ» አለኝ። «አሜን» አልኩት። ሄደ።
ሣር ነው ማለት ከብዶኝ እንዳለ ተውኩት።

የልማት ሠራተኛዋ፣ ልጅ እግሯ ብርቄ፣
ጭቃው ላይ ተንበርክካ፦ «እትዬ ስንቄ፣
ሦስት አንጓ ይኑረው እያንዳንዱ ቁራጭ፤
ጋደም አድርጊና ሁለቱን አፈር አልብሺ፣
አንዱ ይቅር ውጭ።»

ሁለት አፈር ውስጥ። አንድ ውጭ።
ዶማዬ እንደተነሳ ቀረ።
ይህን ሒሳብ እኔ ቀድሜ የተማርኩት
ከደብሩ ጥድ ሥር ነው፣ በአንድ ዓመት በጋ፦
አጉማስ በጥር፣ ልጄ ደግሞ ፋሲካ ሲነጋ።
ለብርቄ አልነገርኳትም። ልጅ ናት።
አሥራ ዘጠኝ ቁራጭ ቀርቶን ነበር። ተከልናቸው።

ቦረቦሩ ድሮ ማሳ ነው። ስድስት ዓመት ሙሉ
አጉማስና እንየው በድንበር ሲባሉ፣
ምስክር ሲያበሉ፣ ቀጠሮ ሲውሉ፣
(እኛ ብቻ ሁለት ጊደር ሸጠንበታል)
ጎርፉ ቀስ እያለ፣ ያለ ጠበቃ፣
ሁለቱንም ረታ። ወሰደው በቃ።

ነሐሴ ላይ ጥፍር፣ መስከረም ላይ ጉልበት፣
ጥቅምት ላይ ትከሻ፤ ኅዳር ገባሁበት፣
ገባሁና ጠፋሁ። ነፋስ ሲያንሿሿው
ሸንጎ ይመስለኛል፣ ፍርድ የሚጠብቅ ሰው።
አፈሩ ግን ቆመ። በዚያ ክረምት ጎርፉ
አንድ ክንድ አልጎረሰም፤ ደረቀበት አፉ።

«ስንዝር ተይለት» ብላኛለች፣ «ከሥር አትላጪው፤
ጤዛው ሳይረግፍም ለላሟ አትስጪው።»
ክንዴን ተለተለው የቅጠሉ ስለት፤
እሾህ አይሉት ጸጉር፣ ማታ ማታ እሳት።
ወይኖ በመጀመሪያው ቀን አሽትታ ዞረች።
በማግስቱ ጫፉን፣ እንደ ጨዋ፣ ቀመሰች።
በሦስተኛው ቀን ግን በግንባሯ ገፍታ
ሸክሜን ሳላወርድ ነጠቀችኝ ማታ።
ወተቷ ሁለት ጆግ፣ ከአንዱ ላይ፣ ሆነ፤
ደግሜ ሰፈርኩት፤ እጄ አላመነ።

መጋቢት ገባ። የወል ግጦሹ ቀይ አፈር።
ጭዱ አለቀ። የእንየው በሬ ወደቀ፤
በጅራቱ ቢያነሱት፣ ተመልሶ ወደቀ።
ሲመሽ መጣ። ከእርከኑ በላይ ቆመ።
ስለ ዝናብ አወራ። ስለ ማዳበሪያ ዋጋ አወራ።
ሣሩን አላየም፤ ላለማየት አንገቱ ታመመ።

ላላቅቀው ብዬ፣ ሳቅ እየቀደመኝ፣
«ዝሆኑ ደርሷል» አልኩት፣ «ና እንየው።»
ሁለት ጊዜ ጠራሁት፣ በአንድ ቃል።
ሲስቅ የጥርሱን ክፍተት አየሁ፤
ከክሱ በፊት ነው የማውቀው።

ማጭዱን ሰጠሁት። «ስንዝር ተውለት» አልኩት።
በእጁ ለካ። እጁ ከእጄ ይረዝማል፤
ያን ያህል አስረዝሞ ተወው።

ለክረምት ቁራጭ ጠየቀኝ። «ስንት አንጓ?»
«ሦስት። ሁለቱን አፈር ውስጥ…» አልኩና
ቀሪውን አልጨረስኩትም።
የሁለቱንም ቃሬዛ ተሸክሟል እሱ፣
ያኔ፣ እየተካሰስን እንኳ።
ራሱን ነቀነቀ።

ማጭዱን በማግስቱ መለሰልኝ።
ሌሊት ስሎታል፤
ምንም አላለኝም። በጣቴ ነው ያወቅሁት።